«ረዳት» የሚባለው ተዋናይ ሥራው ምንድን ነው? የኬረላው ኔዱሙዲ ቬኑ እንደ ማሳያ

በደቡብ ህንድ የምትገኘው የኬረላ ክልል መንግሥት በየዓመቱ የፊልም ሽልማት ይሰጣል። በዚህ ሽልማት ውስጥ ለረጅም ጊዜ «ሁለተኛ ምርጥ ተዋናይ» የሚባል ዘርፍ ነበር። ስሙን የሰማ ሰው ከአንደኛው ጋር ተወዳድሮ የተበለጠ ሰው ይመስለዋል። ነገሩ እንዲያ አይደለም። ዘርፉ አባት፣ ታላቅ ወንድም፣ አስተማሪ፣ አሽከር ወይም ንጉሥ ሆነው ታሪኩን ለሚሸከሙ ተዋንያን የሚሰጥ ነው። ኋላ ላይ ስሙ ተቀይሮ «የገጸ ባሕርይ ተዋናይ» ሽልማት ተባለ። የእኛም «ረዳት ተዋናይ» ከቀድሞው ስም አይሻልም። ረዳት ስንል ዕቃ የሚያቀብል፣ ባለሙያው ሲደክመው የሚተካ ሰው ይታየናል። የረዳት ተዋናይ ሥራ ግን የመሪው ተዋናይ ሥራ ተቀንሶ የቀረ ትርፍራፊ አይደለም። የራሱ ስሌት፣ የራሱ መሣሪያና የራሱ ስሕተቶች ያሉት ሌላ ሙያ ነው። ይህን ለማሳየት ከ1978 እስከ 2021 ድረስ ከ500 በላይ ፊልሞች ላይ የሠራውን ኔዱሙዲ ቬኑን እንወስዳለን። ቀኖቹና ዓመቶቹ በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ስለ አገሩ ትንሽ ማለት ያስፈልጋል። የህንድ ፊልም ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው በሙምባይ በሂንዲ የሚሠራውን ነው። ኬረላ ግን የራሷ ቋንቋ አላት፤ ማላያላም ይባላል፤ ወደ 35 ሚሊዮን ሰው ይናገረዋል። በዱባይ፣ በዶሃ ወይም በኩዌት የሠራ ኢትዮጵያዊ ስሙን ባያውቀው እንኳ ድምፁን ሰምቶታል፤ በባሕረ ሰላጤው አገሮች ከሚኖሩት ህንዳውያን ብዙዎቹ ኬረላዎች ናቸውና። በንጉሡ ዘመን በየጠቅላይ ግዛቱ ሒሳብና ሳይንስ ካስተማሩት የህንድ መምህራን መካከልም ከዚያው አገር የመጡት ጥቂት አልነበሩም።

ቬኑ የተወለደው ግንቦት 22 ቀን 1948 ነው። «ኔዱሙዲ» የአባቱ ስም ሳይሆን የተወለደባት መንደር ስም ነው። በአላፑዛ አውራጃ ኩታናድ በሚባለው ውኃማ አገር ትገኛለች። ኩታናድ ከባሕር ወለል ዝቅ ብሎ ሩዝ የሚዘራበት፣ ሰው ከቤት ወደ ቤት በጀልባ የሚሄድበት ስፍራ ነው። እዚያ ቀዛፊዎች በዘፈን ምት ይቀዝፋሉ። ይህን ለጌጥ አላነሣነውም፤ ምት የዚህን ተዋናይ ሥራ ለመረዳት ዋናው ቁልፍ ነው።

ወደ ካሜራ ከመምጣቱ በፊት ሁለት ትምህርት ቤቶች አልፏል። አንደኛው ጋዜጠኝነት ነው። ቲሩቫናንታፑራም ከተማ ውስጥ በሚታተም ሳምንታዊ መጽሔት ሠርቷል፤ ሰዎችን ቀርቦ ማዳመጥና አነጋገራቸውን መያዝ የዕለት ሥራው ነበር። ሁለተኛው የካቫላም ናራያና ፓኒከር የቲያትር ቡድን ነው። ፓኒከርም የዚያው የኩታናድ ሰው ነው፤ ቲያትሩን በአገሬው ሥርዓተ አምልኮ፣ በዘፈንና በከበሮ ላይ የመሠረተ ጸሐፌ ተውኔት። በዚያ ቡድን ውስጥ ቃለ ተውኔት የሚጠናው ከምት ጋር ነው። ቬኑ ራሱ ምሪዳንጋም የተባለውን ባለ ሁለት ፊት ከበሮ ይመታ ነበር።

የመጀመሪያ ፊልሙ በ1978 የወጣው «ታምፕ» ነው፤ ትርጉሙ የሰርከስ ድንኳን ማለት ነው። ዳይሬክተሩ ጂ. አራቪንዳን እውነተኛ የሰርከስ ቡድን ወደ አንድ የወንዝ ዳር መንደር ወስዶ፣ ትርኢቱን የሚያዩትን የመንደር ሰዎች ፊት ምን እንዲያደርጉ ሳያዛቸው ቀረጸ። ለጀማሪ ተዋናይ ከዚህ የተሻለ ትምህርት ማሰብ ይከብዳል። ካሜራ ከሚሠራው ሰው ይልቅ የሚያየውን ሰው ሊወድ እንደሚችል ከመጀመሪያው ቀን አየ።

ማዳመጥ እንዴት ይቀረጻል

ሁለት ሰዎች የሚነጋገሩበት ትዕይንት አብዛኛውን ጊዜ ቢያንስ ሦስት ጊዜ ይቀረጻል። መጀመሪያ ሁለቱም የሚታዩበት ሰፊ ሾት፣ ቀጥሎ የመሪው ክሎዝ አፕ (ፊቱ ብቻ ቀርቦ የሚታይበት ሾት)፣ ከዚያ የረዳቱ። የመሪው ክሎዝ አፕ ሲቀረጽ ረዳቱ ከካሜራው አጠገብ ቆሞ ቃሉን ያቀብላል። አይታይም። ብዙ ተዋንያን እዚህ ላይ ጉልበታቸውን ቆጥበው ቃሉን እንደ ንባብ ያነባሉ። ውጤቱ ወዲያው በመሪው ፊት ላይ ይታያል፤ የሚቀበለው ነገር ስላጣ ዓይኑ ባዶ ይሆናል፤ ሾቶቹን ቆርጦ የሚቀጥለው ኤዲተርም ያን ባዶ ዓይን ሊሞላው አይችልም። ጥሩ ረዳት ተዋናይ በማይታይበት ጊዜ እንደሚታይበት ጊዜ ይሠራል። ደግሞ ቆሞ የሚያቀብልበት ቦታ ወደ ሌንሱ በጣም የቀረበ መሆን አለበት። አንድ ክንድ ያህል ከራቀ የመሪው ዕይታ ወደ ጎን ያፈነግጥና ሁለቱ ሾቶች ሲቀጠሉ ሰዎቹ የማይተያዩ ይመስላሉ።

ተራው ወደ ረዳቱ ሲዞር ደግሞ ሌላ ፈተና አለ። ኤዲተሩ ከዚህ ሾት የሚፈልገው ንግግሩን ብቻ አይደለም፤ ሲሰማ ያለውንም ፊት ይፈልጋል። ጀማሪ እያንዳንዱን ቃል በቅንድብ ይመልሳል፤ ያዝናል፣ ይደነቃል፣ ራሱን ይነቀንቃል። እንዲህ ያለው ፊት ተቆርጦ ይጣላል፣ ምክንያቱም ተመልካቹ መሪውን መስማት ትቶ እሱን ማንበብ ይጀምራል። የሠለጠነው ግን በአንድ ንግግር ውስጥ አንዲት ለውጥ ብቻ ይመርጣል፤ ያችንም ለውጥ ወሬው በሚዞርበት ቃል ላይ ያስቀምጣታል። ቬኑ አፉን ሳይከፍት የሚያደርገውን ለማየት የሚፈልግ ሰው ድምፁን አጥፍቶ አንዱን ትዕይንት ሁለት ጊዜ ይየው። በመጀመሪያው መሪውን፣ በሁለተኛው እሱን ብቻ።

ከዚሁ ጋር የሚሄድ አንድ ሥራ አለ፤ የእጅ ሥራ። አባት ቡና ይጠጣል፣ አናጺ እንጨት ይልጋል፣ አያት ይበላል። በ1979 በባራታን ዳይሬክተርነት በወጣው «ታካራ» ቬኑ ቼላፓን የተባለውን ተንኮለኛ አናጺ ሲሠራ መሪው ሌላ ሰው ነበር፤ ተመልካች ግን ያን አናጺ እስከ ዛሬ ያስታውሰዋል። ዕቃ ይዞ መሥራት ሁለት ወጥመድ አለው። አንደኛ፣ በመሪው ቃል መሐል ዕቃ ማንቀሳቀስ ዓይን ይሰርቃል። ሁለተኛ፣ በሰፊው ሾት ኩባያውን «ልጄ» በሚለው ቃል ላይ ካነሣህ በክሎዝ አፑም በዚያችው ቃል፣ በዚያው እጅ ማንሣት አለብህ። አለዚያ ሁለቱን ሾት መቀጠል አይቻልም፤ ኤዲተሩ ደግሞ ጊዜ ሲያጥረው የሚያወጣው የረዳቱን ሾት ነው። የመብል ትዕይንት ከሁሉ ይከፋል። አንድ ትዕይንት 10 ጊዜ ሊደገም ስለሚችል ጉርሻ ትንሽ፣ በታወቀ ቃል ላይ ብቻ መሆን አለበት። በመጀመሪያው ቀረጻ ጠግቦ የበላ በስድስተኛው ማላመጥ ይሳነዋል።

ዝምታን የት ማስቀመጥ

ምት ያልነው እዚህ ይመጣል። መድረክ ላይ ተዋናይ ቃሉን ከመጀመሩ በፊት ትልቅ ዝምታ ሊያደርግ ይችላል፤ ማንም አይነካበትም። ፊልም ላይ ግን በንግግር መጀመሪያና መጨረሻ ላይ ያለ ዝምታ የኤዲተሩ ንብረት ነው፤ በመቀስ ይሄዳል። የማይቆረጠው በዓረፍተ ነገሩ ውስጥ የገባ ዝምታ ነው። «አልመጣም አልኩህ» ከማለት በፊት ሦስት ሰከንድ ብትቆም ሦስቱም ሊጠፉ ይችላሉ። «አልመጣም... አልኩህ» ብትል ግን ኤዲተሩ አንተን እያሳየ እስካለ ድረስ ዝምታው ይኖራል። ከበሮ መቺ ይህን በደሙ ያውቀዋል፤ ባዶው ምትም ምት ነው፣ ቦታው ግን በቁጥር የታወቀ ነው። ለረዳት ተዋናይ ይህ የህልውና ጉዳይ ነው። በአንድ ፊልም ውስጥ ያለው ጊዜ 15 ደቂቃ ከሆነ በመቀስ የሚሄደው እያንዳንዱ ሰከንድ ይጎዳዋል።

ዕድሜን መልበስ

ቬኑ ከወጣትነቱ ጀምሮ ሽማግሌ ሲሠራ ኖሯል። በ1987 የባራታን ፊልም ላይ ጡረታ የወጣ፣ ልጅ የሌለው አዛውንት መምህር ሆኖ ሲቀርብ ዕድሜው 39 ነበር። በዚያ ሥራ የኬረላን የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ወሰደ። ይህ ለብዙዎች የማይቻል የሚመስለው ለምንድን ነው?

አብዛኛው ሰው ሽምግልናን ከጀርባ ይጀምራል። ይጎብጣል፣ ድምፁን ያንቀጠቅጣል፣ ፀጉሩ ላይ ነጭ ዱቄት ያስነሰንሳል። ካሜራ ይህን ሁሉ በአንድ ክሎዝ አፕ ያጋልጠዋል። ፊቱ 70፣ አንገቱ 35 ዓመት ይሆናል። ስለዚህ ሜካፑ የጆሮ ጀርባን፣ አንገትን፣ የእጅን ጀርባና የጥፍርን ዙሪያ ካልነካ ሥራው ገና ከመነሻው ተበላሽቷል። ከሜካፑ በላይ ግን ሚስጥሩ ቅደም ተከተል ላይ ነው። ወጣት ሲቀመጥ አካሉ ይቀድማል። ሽማግሌ ሲቀመጥ እጁ ይቀድማል፤ የወንበሩን መደገፊያ ይፈልጋል፣ ያገኛል፣ ትንፋሽ ይወስዳል፣ ከዚያ ይቀመጣል። ሲጠሩት ዓይኑን ብቻ አያዞርም፤ አንገቱና ትከሻው አብረው ይዞራሉ። ሲነሣ ቃል ከጀመረ አይጨርሰውም፤ ቆሞ ትንፋሹን ካገኘ በኋላ ይቀጥለዋል። ድምፁም ሁልጊዜ አይንቀጠቀጥም፤ ሲቆጣ ይበረታል፣ በዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ትንፋሹ ያልቅና ይወርዳል። አያቶቻችንን ልብ ብሎ ላየ ሰው ይህ አዲስ ነገር አይደለም።

ድምፅ፣ ሁለተኛው ቀረጻ

የማላያላም ፊልሞች ለአሥርት ዓመታት ድምፃቸው የሚሠራው ከቀረጻ በኋላ በስቱዲዮ ነበር። በቦታው የሚቀዳው ድምፅ ለመነሻ ብቻ ያገለግላል። ተዋናዩ ከሳምንታት ወይም ከወራት በኋላ ስቱዲዮ ገብቶ የራሱን ከንፈር እያየ ሁሉንም እንደገና ይናገራል። አሠራሩ ይህን ይመስላል፦ ትዕይንቱ በአጫጭር ቁርጥ ይከፈላል፤ ተዋናዩ በጆሮ ማዳመጫ መነሻውን ድምፅ ይሰማል፤ አንድ ሁለቴ ከከንፈሩ ጋር ይለማመዳል፤ ከዚያ ይቀዳል። በአማርኛ የቱርክ ድራማ ድምፅ የሚሠሩ ባለሙያዎቻችን የሚያውቁት አንድ ሕግ እዚህም አለ፤ ብ፣ ም፣ ፕ ከንፈር ይዘጋሉ። ስክሪኑ ላይ ከንፈር በተዘጋበት ቅጽበት እነዚህ ፊደላት ካልተሰሙ የትኛውም ተመልካች ይነቃል። ሌላው ትንሽ ቢዛነፍ ያልፋል።

የሚበላሸው አብዛኛውን ጊዜ ከንፈሩ ሳይሆን አካሉ ነው። ትዕይንቱ ላይ ዳገት እየወጣ የተናገረውን ስቱዲዮ ውስጥ ተቀምጦ ይናገረዋል፤ ትንፋሹ አይገጥምም። መፍትሔው ቀላል ነው፤ በትዕይንቱ የቆመ ይቁም፣ የተኛ ጀርባውን ያስደግፍ፣ የሮጠ ከመቀዳቱ በፊት በቦታው ይርገጥ። ድምፁ ለፊቱ የማይመጥን ተዋናይ በሌላ ሰው ድምፅ ይተካል። ለመሪ ይህ ይታለፍ ይሆናል፤ ለረዳት ግን ግማሽ ሀብቱን ማጣት ነው፣ ምክንያቱም የአካባቢው አነጋገር ያለው በድምፁ ውስጥ ነው። የኩታናድ ገበሬና የመኳንንት ቤት ሰው ማላያላምን በአንድ ዜማ አይናገሩም፤ የወሎና የጎጃም ሰው አማርኛን በአንድ ዜማ እንደማይናገሩት። ቬኑ በ2006 ብሔራዊ ሽልማት የተሸለመው በድምፁ ብቻ ነው፤ ካታካሊ ስለሚባለው የኬረላ የጭፈራ ድራማ አንድ ባለሙያ በተሠራ ዘጋቢ ፊልም ላይ ላነበበው ትረካ።

ክብደቱን ለመሪው ማስተላለፍ

ሁለት ፊልሞች ይህን በግልጽ ያሳያሉ፤ ሁለቱም በሲቢ ማላዪል ዳይሬክተርነትና በሎሂታዳስ ድርሰት የተሠሩ፣ መሪያቸው ሞሃንላል የሆኑ ናቸው። በ1990ው «ሂዝ ሃይነስ አብዱላ» መሪው ሙዚቃ ወዳድ የሆኑ አዛውንት መስፍንን እንዲገድል ተቀጥሮ፣ ዘፋኝ መስሎ ቤተ መንግሥታቸው ይገባል። ታሪኩ የሚቆመው በአንድ ነገር ላይ ነው፤ ገዳዩ እጁን እንዲሰበስብ ሽማግሌው ሊገደል የማይገባው ሰው መሆን አለበት። ያን በቃል ማስረዳት አይቻልም። ቬኑ የመስፍኑን ደግነት ከሙዚቃ አሰማሙ አወጣው፤ ጣቶቹ ምት ሲቆጥሩ የምናየው እውነተኛ ቆጠራ ነው፣ ሰውየው ከበሮ መቺ ነውና። ለዚህ ሥራ የህንድን ብሔራዊ የምርጥ ረዳት ተዋናይ ሽልማት አገኘ።

በ1991ው «ባራታም» ደግሞ የታወቀ ዘፋኝ የሆነ ታላቅ ወንድም ነው። መጠጥ ይጥለዋል፤ አንድ ቀን መድረክ ላይ መዝፈን ሲያቅተው ታናሹ ይተካዋል፤ ቅናት ይገባል። ታላቁ ከቤት ወጥቶ መንገድ ላይ ይሞታል፤ ታናሹ የእህታቸው ሠርግ እስኪያልፍ ሞቱን በሆዱ ይዞ ይቆያል። ብሔራዊውን የምርጥ ተዋናይ ሽልማት የወሰደው ታናሹን የሠራው ሞሃንላል ነው፤ ይገባዋልም። ግን ያ በሆድ የተያዘ ሐዘን ይህን ያህል የከበደው ታላቅየው ከመሞቱ በፊት ትልቅ ሆኖ ስለታየን ነው። ረዳቱ ፊልሙ ሳያልቅ ይወጣል፣ ክብደቱን ግን ለመሪው ጥሎለት ይሄዳል። ቬኑ ቅናቱን ክፋት አድርጎ ሠርቶት ቢሆን ኖሮ በሞቱ ማንም አያለቅስም፣ የመሪውም ዝምታ ባዶ ይሆን ነበር። እኛ እንደምናምነው፣ በሥራው ሁሉ ውስጥ ትልቁ ውሳኔ ይህ ነው።

የቀን ሒሳብ

ከ500 በላይ ፊልም በ43 ዓመት ሲካፈል በዓመት ወደ 12 ይደርሳል። አንድ ረዳት ተዋናይ ለአንድ ፊልም ለምሳሌ 12 ቀን ቢቀረጽ በዓመት 144 ቀን ነው፤ የድምፅ ቀንና የጉዞ ቀን ሲጨመርበት ዓመቱ ይሞላል። ችግሩ ቀኖቹ ተከታታይ አለመሆናቸው ነው። ሦስት ቀን አንዱ ጋ፣ ሁለት ቀን ሌላው ጋ፣ ከሳምንት በኋላ ተመልሶ የመጀመሪያው ጋ። እዚህ ላይ ሥራ የሚያስቀረው ብዙ ጊዜ ፂም ነው። አንዱ ፊልም ፂም ይፈልጋል፣ ሌላው የተላጨ። ተዋናዩ ተስማምቶ ከተላጨ የመጀመሪያው ፊልም ቀሪ ትዕይንቶች በተለጣፊ ፂም ይሠራሉ፤ ተለጣፊ ፂም ደግሞ በክሎዝ አፕ ጠርዙ ይታያል። ስለዚህ ልምድ ያለው ተዋናይ ቀን ከመስጠቱ በፊት ስለ ገንዘብ ብቻ ሳይሆን ስለ ፀጉርና ፂም ይጠይቃል፤ ከተቻለም በክሎዝ አፕ የሚቀረጹት ትዕይንቶች አስቀድመው እንዲያልቁ ያደርጋል።

እንዲህ ያለ ሕይወት በአንድ ቀን ሊቆምም ይችላል። በብዛት ከቬኑ የሚበልጥ ሥራ የነበረው ጃጋቲ ስሪኩማር በመጋቢት 2012 በመኪና አደጋ ክፉኛ ተጎድቶ ከሥራ ወጣ። ቲላካን የተባለው ታላቅ ተዋናይ ደግሞ በ2010 ከተዋንያኑ ማኅበር ጋር ተጋጭቶ ተባረረ፤ በቀጣዩ ዓመት አንድ ዳይሬክተር ደፍሮ ሥራ እስኪሰጠው ድረስ በሲኒማው በር ላይ ቆሞ ቀረ። የመሪ ተዋናይን ስም ብሎ ገንዘብ የሚያወጣ ፕሮዲዩሰር ይፈልገዋል። ረዳትን ግን የሚፈልገው ዳይሬክተርና ጸሐፊ ነው፤ እነሱ ዝም ካሉ የሚጠራው የለም።

ቬኑ ጥቅምት 11 ቀን 2021 በ73 ዓመቱ ሲሞት ያልተጠናቀቁ ሥራዎች ነበሩት። በ1996 በታሚል ቋንቋ በተሠራው «ኢንዲያን» ላይ የመርማሪ ፖሊስ ሚና ነበረው፤ ሁለተኛው ክፍል በ2024 ሲወጣ ገጸ ባሕርዩ ተመልሶ ታየ። ቀሪዎቹ ትዕይንቶች በሌላ ሰው አካልና በኮምፒውተር በተሠራ ፊት ተሞሉ። በዚህ ምክንያት ዛሬ ውል የሚፈርም ረዳት ተዋናይ አራት ነገሮች በጽሑፍ መስፈራቸውን ማየት አለበት፦ የቀረጻ ቀን ብዛትና ከዚያ ለሚያልፍ ቀን የሚከፈለው፤ የድምፅ ሥራው ቀን ለብቻው መቆጠሩ፤ ስሙ በፊልሙ መግቢያ ላይ የሚሰፍርበት ቦታ፤ እና እሱ በሌለበት ፊቱንና ድምፁን ማን፣ ለምን ያህል ትዕይንት፣ በማን ፈቃድ ሊጠቀምበት እንደሚችል። አራተኛው ቬኑ ሥራ በጀመረበት ዘመን የሚታሰብ አልነበረም። አሁን ግን ከፊርማ በፊት መነበብ ያለበት የመጀመሪያው አንቀጽ እሱ ነው።